የበቀለው የግብ ቋሚ

በምኖርበት ሰፈር ያለ አንድ ሻይ ቤት ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ የእንግሊዝን ኳስ ለማየት በሚመጡ ወጣቶች ይሞላል። አንዳንድ ጊዜ ከኋላ ወንበር እይዝና እኔም አያለሁ። ከጨዋታው ይበልጥ የሚያስደንቀኝ የልጆቹ ዕውቀት ነው። ባሕር ማዶ ያለ አንድ ተጫዋች ከየትኛው መንደር እንደተነሣ፣ ከየትኛው ክለብ ወደ የትኛው እንደተሸጠ፣ የቱ ጉልበቱ እንደተጎዳ፣ መቼ ጫማውን እንደሰቀለ እንደ ዳዊት ይደግሙታል። «አባባ፣ እርስዎስ የማን ደጋፊ ነዎት?» ሲሉኝ ፈገግ ብዬ አልፋለሁ። መልስ አጥቼ አይደለም። እኔም የአንድ ተጫዋችን ታሪክ ከዳር እስከ ዳር አውቃለሁ፤ ወይም አውቅ ነበር። ታሪኩ የትም አልተጻፈም። ግማሹን የሰማሁት ከባለቤቱ አፍ ነው፤ ሌላውን ግማሽ በዓይኔ አይቻለሁ ብዬ የማምነው እኔ ነኝ። ዕድሜዬ በገፋ ቁጥር ደግሞ ከእሱ ወሬ ይልቅ የራሴን ዓይን መጠራጠር ጀምሬአለሁ።

በዚያ ዘመን አሶሳ በወለጋ ክፍለ ሀገር ሥር ያለች አውራጃ ነበረች። ከዩኒቨርሲቲ በታሪክ ትምህርት ተመርቄ እንደወጣሁ፣ በሰባ ሰባቱ ድርቅ ምክንያት ከወሎ የመጡ ሰፋሪዎች ወደሚኖሩበት፣ ከከተማው ወጣ ወዳለ መንደር በአስተማሪነት ተመደብሁ። መንደሮቹ ስም አልነበራቸውም፤ የሚጠሩት በቁጥር ነበር። የእኛ መንደር ቁጥር ስንት እንደነበረ ዛሬ ብጠየቅ ሁለት ቁጥሮች ይመጡብኛል፤ የትኛው እንደሆነ አልምልም። የማልረሳው ግን ሌላ ቁጥር ነው። ቁጥሩ የሰው መጠሪያ ነበር።

አሥራ አንድ ይሉት ነበር። ሕፃናቱ «አያ አሥራ አንድ» ይሉታል፤ ሴቶቹም እንዲሁ። አርባ ዓመት የተጠጋው፣ ቀጭን፣ ግራ እግሩን መሬት ላይ በጥንቃቄ የሚያሳርፍ ሰው ነበር። ከወሎ ይዞት የመጣው ዕቃ ቢኖር፣ ጀርባው ላይ ያለው ቁጥር ተሰነጣጥቆ ሊጠፋ የደረሰ አንድ አሮጌ ማሊያ ነው። እርሻ ሲወጣ ይለብሰዋል፤ እሑድ ኳስ ሲጫወትም ያንኑ ይለብሰዋል። እኔ «ጋሼ» እለው ነበር፤ እሱ «መምህር» ይለኛል።

«ለኳስ ደሞዝ የበላሁ ሰው ነኝ» ይል ነበር። የኳስ ሕይወቱ እሱ እንዳወራኝ እንዲህ ነው። ደሴ አካባቢ በተማሪነቱ ሲጫወት ያየው የአንድ ፋብሪካ ቡድን አሠልጣኝ ወሰደው። ፋብሪካው ውስጥ የክር ጥቅል ተሸካሚ ተብሎ ተቀጠረ፤ እንጀራው ግን ኳሱ ነበረ። ከዚያ የአንድ አዲስ አበባ ክለብ ሰዎች መጥተው አዩትና ወሰዱት። እዚያ ሁለት የውድድር ዘመን ቆየ፤ አብዛኛውን በተጠባባቂ ወንበር ላይ፣ ጥቂቱን በሜዳ ላይ። አንድ ዝናባማ እሑድ ጉልበቱ ሄደ። ወደ ፋብሪካው ቡድን ተመለሰ፣ አገባ፣ እግሩ እስከፈቀደለት ድረስ ተጫወተ።

በዚህ ሁሉ ዘመን በውድድር ላይ አንዲት ጎል አላስቆጠረም። ይህን ሲናገር አያፍርም። ግራ ክንፍ ነበር፤ መስመሩን ይዞ ይነጉዳል፣ ማዕዘኑ ጋ ሲደርስ ቀና ይልና ያሻግራል፣ ሌላው በግንባሩም በእግሩም ያገባዋል። «እኔ ደጋሽ ነኝ፤ የሚበላው ሌላ ነው» ይላል። አንድ ቀን ልፈትነው ብዬ የስታዲየሙ የመልበሻ ክፍል ምን ይመስል እንደነበር ጠየቅሁት። ስለ ክፍሉ አልነገረኝም። ስለ ሽታው ነገረኝ፤ የካምፎር ቅባትና የእርጥብ ቆዳ ሽታ፣ ሰዎች ከጨዋታ በፊት ከፍርሃት የተነሣ የሚያወጡት ላብ ሽታ። እኔ ያን ክፍል አላውቀውም። ቢሆንም ከዚያ ቀን በኋላ አልፈተንሁትም።

እንዴት ከሰፋሪዎች ጋር እንደመጣ የነገረኝ አንድ ጊዜ ብቻ ነው። ድርቁ ሲጠና ሚስቱ እናቷን ልትጠይቅ ወደ ገጠር ወረደች። ሳምንታት አለፉ፤ አልተመለሰችም። እዚያ ያሉት ሰዎች ተነሥተው ወደ አንድ መጠለያ መሄዳቸውን ሰማና ሊፈልጋት ሄደ። መጠለያው ውስጥ ድንኳን ከድንኳን እየዞረ ስሟን ሲጠራ መኪኖች መጡ። «ቤተሰብህ በፊተኛው መኪና ሄዷል፤ ውጣ!» አሉት። ወጣ። በፊተኛው መኪና የሄደው የሌላ ሰው ቤተሰብ ነበር። የመንደሩ የመንግሥት ካድሬ የይለፍ ወረቀት ካልሰጠ መውጣት አይቻልም ነበርና፣ ከዚያ በኋላ ሁለት ጊዜ ደብዳቤ ጽፎ ላከ፤ መልስ አልመጣም። ትኑር አትኑር፣ ካለችም የት እንዳለች አያውቅም ነበር፤ እሷም እንዲሁ የእሱን አታውቅም።

ሜዳውን የሠራነው በደቦ ነው። ከመንደሩ በታች የጠፈፈ መሬት ነበር፤ የዝሆኔ ሣሩን አጨድን፣ ጉቶውን ነቀልን። መሬቱ በፊት የማን እንደነበረ የጠየቀ አልነበረም። ባለቤቱ ግን በየቀኑ ይመጡ ነበር። የአካባቢው ተወላጅ የሆኑ የበርታ ሽማግሌ ናቸው፤ ሼኽ እንላቸዋለን። ከማንጎ ዛፋቸው ሥር ተቀምጠው መቁጠሪያቸውን እያንቀሳቀሱ ይመለከቱናል። መሬቱ ከመወሰዱ በፊት ማሽላ ይዘሩበት እንደነበር ያወቅሁት ዘግይቼ ነው። ቂም ቢኖራቸውም በቀልድ ነበር የሚያወጡት።

መጀመሪያ የተከልናቸው የግብ ቋሚዎች የተቆረጡ ቀርከሃዎች ነበሩ። ወር ሳይሞላቸው ምስጥ ከሥር በልቶ ጣላቸው። አንዱ የወደቀው በረኛችን ተደግፎት ሳለ ነው። ያን ጊዜ አሥራ አንድ፣ «እንግዲህ እንደ አገራችን ነው የምናደርገው» አለ። በወሎ አጥር ሲያጥሩ የኮርች ቅርንጫፍ ይተክላሉ፤ ሥር ይሰዳል፣ ይበቅላል፣ አጥሩም አይወድቅም። ሕያው ነገር ምስጥ አይበላውም ብሎ ያምናል። እኛም አመንን፤ ስለዚያ ቆላ ማናችንም ዕውቀት አልነበረንምና። ወደ ጫካው ወርደን ቀርከሃውን ከነሥሩ፣ ከነአፈሩ ቆፍረን አወጣን። አራት ሰው ለአንዱ ቋሚ! ጉድጓዱ ውስጥ ጠቅጥቀን አቆምናቸውና ከላይ የልጥ ገመድ አሠርንባቸው።

ሼኹ ከዛፋቸው ሥር ተነሥተው መጡ።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«የጎል ቋሚ ነው፣ ሼኽ» አልኋቸው።

«ከነሥሩ?»

«እንዳይወድቅ።»

ጢማቸውን ይዘው ቆዩ። «ወላሂ፣ እኔ ብዙ ሰው አየ። ጫካ ቆርጦ ሜዳ የሚያደርግ አየ። ሜዳ አድርጎ ጫካ የሚተክል ግን ዛሬ ነው ያየሁ።»

አሥራ አንድ ሳቀ፤ ጉልበቱን ይዞ መሬት ላይ እስኪቀመጥ ድረስ ሳቀ። ከዚያ ለእኔ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «ባለቤቴ ብታይ ይህንኑ ነበር የምትለው» አለኝ። የፋብሪካው ቡድን ልምምድ በሚሠራበት ሜዳ ላይም የኮርች ቋሚ ተክሎ ነበር አሉ። በክረምቱ ቅጠል አወጣ። ሚስቱ ምሳ ይዛ ስትመጣ አየችውና በቡድኑ ሁሉ ፊት እንዲህ አለችው፦ «አንተ ሰውዬ፣ የተከልከው ሁሉ ይበቅላል፤ የመታኸው ግን አይገባም!» ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ይህ የቤታቸው ተረት ሆነ። ቡና ሲያልቅባት፣ ዝናብ ሲዘገይ፣ ልጅ አለመውለዳቸውን ሰው ሲያነሣባቸው፣ እሷ ይህችን ትልና ትስቃለች። እሱ ሲነግረኝ ግን አልሳቀም።

የሬዲዮው ነገር የመጣው በነሐሴ ነው። ካድሬው ስብሰባ ጠርቶ ለአብዮት በዓል የሬዲዮ ጋዜጠኛ ከነቀምቴ እንደሚመጣ፣ የሰፋሪውን ኑሮ እንደሚዘግብ፣ በዕለቱም የመንደራችን ቡድን ከአሶሳ ከተማ ቡድን ጋር እንደሚጫወትና ውጤቱ በስፖርት ዜና እንደሚነገር አስታወቀ። ከስብሰባው ስንወጣ አሥራ አንድ እጄን ያዘኝ። 

«መምህር፣ በስፖርት ዜና ጎል ያገባውን ሰው ስሙን ይጠሩ የለም?»

«ይጠራሉ።»

«ከነአባቱ?»

«ከነአባቱ።»

«እሷ ስፖርቱን ትሰማለች» አለ። «አዲስ አበባ በነበርሁ ጊዜ ጎረቤት ቤት ሄዳ ትሰማ ነበር። ስሜ አይጠራም፤ አላገባማ! ግን ትሰማለች። እጇ ሊጥ ቢሆን እንኳ ቆማ ትሰማለች። ጉልበቴ ከሄደ በኋላም አልተወችውም። በሕይወት ካለች፣ የትም ትሁን የት፣ ትሰማለች።»

እንግዲህ ነገሩ ይህ ነበር። አንድ ጎል ቢያገባ ስሙና አሶሳ የሚለው ቃል አንድ ላይ በሬዲዮ ይነገራሉ፤ እሷም በሕይወት መኖሩንና የት እንዳለ ታውቃለች። በኳስ ዘመኑ ሁሉ ያላደረገውን አንዴ ማድረግ ነበረበት።

እኔ ቀለል ያለ መንገድ ያገኘሁ መስሎኝ ካድሬውን አነጋገርሁት። ጋዜጠኛው የሰውዬውን ስምና የሚስቱን ስም ጠቅሶ መልእክት ቢያስተላልፍስ?

«ጓድ መምህር» አለኝ፣ ክፋት በሌለበት ድምፅ፣ «ሬዲዮ የሰፊው ሕዝብ ነው፤ የአንድ ሰው ሚስት መፈለጊያ አይደለም። ደግሞ ሚስቱ የጠፋችበት ሰፋሪ አለ ብለን እናውራ? ምን ይሉናል?»

ወሬው በመንደሩ ተሰማ። ከዚያ ወዲያ ልምምድ ማለት አሥራ አንድን ጎል ማስተማር ሆነ። የሚያሳዝንም የሚያስቅም ነበር። ኳሱን አንጥፈው ያቀርቡለታል፤ በረኛው እንኳ ገለል ይልለታል። እሱ ግን ባዶ ግብ ፊት ቆሞ ቀና ይልና ሰው ይፈልጋል፤ ከዚያ ያሻግራል።

«አያ አሥራ አንድ! ለማን ነው የምትሰጠው? ማንም የለም እኮ!» ይጮሃል ከመሃል የሚጫወተው ጎረምሳ።

«እግሬ ነው፤ እኔ አይደለሁም።»

«እግርህን ምከረዋ!»

«ይሄን ሁሉ ዘመን መክሬዋለሁ፤ የደጋሽ እግር ነው።»

ሴቶቹ ውኃ ተሸክመው ሲያልፉ፣ «ምታው እንጂ፣ አያ! እንደ ካድሬ ምታው!» እያሉ ያሾፉበታል። አንዷ አሮጊት ብቻ በየቀኑ ቆመው፣ «እመብርሃን ትርዳህ፣ የኔ ጌታ» ይሉት ነበር። የእሳቸውም ልጅ በሌላ መኪና ሄዶ ነበር።

ክረምቱ በዚያ አገር እንዴት እንደሚዘንብ ላላየ መንገር ይከብዳል። ሰማይ የሚፈስስ እንጂ የሚዘንብ አይመስልም። ጳጉሜን ላይ ወደ ሜዳው ስንወርድ ቋሚዎቹ ቅጠል አውጥተው አገኘናቸው። ሁሉም አልበቀሉም፤ ከአራቱ ሁለቱ ይመስሉኛል፣ በታችኛው ግብ በኩል ያሉት። በእግራቸውም ሥር እንደ በሬ ቀንድ የሾለ ቡቃያ አፈሩን ሰንጥቆ ወጥቷል። ሼኹ በደስታ እጃቸውን አጨበጨቡ።

«ማሻ አላህ! መሬቴን ወሰዳችሁ፤ ጫካዬን መለሳችሁልኝ። ነገ ሚስቴ ይመጣል፤ ይሄን ቡቃያ ለወጥ ይፈልገዋል።» የቀርከሃ ቡቃያ በእነሱ ዘንድ የክረምት ምግብ ነው።

ካድሬው ቅጠሉ እንዲመለመል አዘዘ። አሥራ አንድ ገጀራ ይዞ ሄደ፤ ጥቂት ቅርንጫፍ ቆረጠና ተወው። «ለእንግዳ ደንብ ነው፤ ለምለም ይሁን» አለ። እውነቱ ግን መቁረጥ አላስቻለውም።

የጨዋታው ቀን ጧት ዘንቦ ከሰዓት በኋላ አበራ። ወይም እኔ እንዲያበራ እፈልግ ይሆናል፤ ከዚያ ቡድን ከሚታወሱኝ ሰዎች አንዱን ከዓመታት በኋላ ሳገኘው ሙሉ ጨዋታው በዝናብ ነበር ብሎ ተከራክሮኛል። ጋዜጠኛው ቴፑን በትከሻው አንግቶ፣ ሱሪውን እስከ ጉልበቱ ጠቅልሎ መጣ። ቀልደኛ፣ ወጣት ሰው ነበር። የከተማው ቡድን ሁሉም ታኬታ አላቸው፤ ከእኛ ጫማ ያለው ግማሹ ነው። ከዕረፍት በፊት አገቡብን።

ከዕረፍት በኋላ የእኛ የማጥቂያ አቅጣጫ ወደ ታችኛው፣ ወደ በቀለው ግብ ሆነ። ጭቃው ቁርጭምጭሚት ይይዛል። የመሃሉ ጎረምሳ ኳሷን በግራ በኩል ለቀቀለት። አሥራ አንድ መስመሩን ይዞ ሄደ፤ እንደ ድሮው ይነጉዳል ማለት አልችልም፣ ጉልበቱን እየጎተተ ሄደ። ተከላካዩ ተንሸራተተና ወደቀ። ማዕዘኑ ጋ ሲደርስ፣ እንደ ልማዱ ቀና አለ። እኛ ዳር የቆምነው ሁሉ የሚሆነውን አውቀን አንድ ላይ ጮኽን፦ «አትስጥ!»

በግቡ ፊት የእኛ ልጅ ብቻውን ቆሞ ነበር፤ ብቻውን! ኳሷ ብትሻገርለት በእርግጠኝነት ትገባለች። ጎረምሳው አሥራ አንድን አየውና ያደረገውን እስከ ዛሬ አደንቃለሁ። ጀርባውን አዞረ። ኳስ እንዳይሰጠው ፊቱን ወደ መሃል ሜዳ መልሶ፣ እንደ ተቆጣ ሰው እጁን አጣምሮ ቆመ።

የሚሰጠው ሰው ያጣ ደጋሽ ምን ያደርጋል? አሥራ አንድ በግራ እግሩ መታት።

ደካማ ምት ነበረች። በረኛው እንኳ አልተወረወረም፤ ወደ ውጭ የምትሄድ መስሎት በዓይኑ ሸኛት። ኳሷ ቋሚውን መታች። ደረቅ እንጨት ቢሆን ኖሮ ትመለስ ነበር። ቋሚው ግን እርጥብ ነበር፣ ሕያው ነበር፤ ለጠጥ ብሎ ወደ ኋላ ጎበጠ፣ ቅጠሎቹ ተርገፈገፉ፣ ኳሷም ግንዱን ታክካ፣ በቡቃያው በኩል ተንከባልላ መስመሩን አለፈች። መረብ አልነበረም። ሼኹ እግር ሥር ሄዳ ቆመች።

«ገባ!» አሉ ሼኹ፤ ስለ ኳስ ሕግ የሚያውቁት ነገር እንዳልነበረ ብገምትም። ዳኛው ፊሽካውን ነፋ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን በቅጡ አላስታውስም። ሰው ሜዳው ውስጥ ገብቷል፣ እልልታ አለ፣ አሮጊቷ አሥራ አንድን ጭቃ በጭቃ ሆኖ ሳለ ይስሙታል። እሱ አያለቅስም፣ አይስቅም፤ የመታበትን እግሩን እንደ ሌላ ሰው እግር ቁልቁል ይመለከት ነበር። ጨዋታው አንድ ለአንድ አለቀ። ጋዜጠኛው መጥቶ ስሙን ጠየቀው፤ እሱም በትምህርት ቤት እንደሚጠራ ተማሪ ቆሞ፣ ስሙን ከነአባቱ፣ ከነአያቱ፣ ከነትውልድ ቦታው ተናገረ። ቴፑ ሲዞር አይቻለሁ። ያን ጊዜ ከአጠገባችን ካድሬው ነበር፣ የቋሚውን ቅጠል በጣቱ እየዳሰሰ። ጋዜጠኛው ዘወር ብሎ፣ «ይሄ በቀለ ማለት ነው? ተክላችሁት በቀለ?» ሲል የካድሬው ፊት በራ።

በማግስቱ ምሽት መንደሩ ሁሉ ሬዲዮው ባለበት የማኅበሩ መደብር ፊት ተሰበሰበ። አሥራ አንድ ታጥቦ፣ ነጭ ጋቢ ለብሶ ከፊት ተቀመጠ። የአገር ውስጥ ዜና አለፈ። ከዚያ ስለ አሶሳ ተነሣ። የጋዜጠኛው ድምፅ አልነበረም፤ የአንባቢ ድምፅ ነበር። በአሶሳ የሰፈሩ ወገኖቻችን ባረፉበት መሬት ለምነት የተነሣ፣ ለእግር ኳስ ሜዳ የተከሉት የግብ ቋሚ ሳይቀር በቅሎ ቅጠል ማውጣቱን፣ ሰፋሪዎቹም በዚህ መደሰታቸውን ተናገረ። የዕለቱ ጨዋታ አንድ እኩል በሆነ ውጤት ተፈጸመ አለ። ከዚያ ስለ ቦክስ አወራ።

ማንም አልተነሣም። ቆይቶ አንዱ ከኋላ፣ «ስሙ የተጠራው የቀርከሃው ነው» አለ፤ ለቀልድ ያለው ነበር፣ ግን ማንም አልሳቀለትም። አሥራ አንድ ጋቢውን ሰብስቦ ተነሣ። «ደህና እደሩ» አለ፤ ሄደ።

በነጋው ወደ ትምህርት ቤት ስወርድ ሜዳው ላይ አየሁት። ገጀራ ይዞ ከቋሚው ፊት ቆሟል። ሼኹ ከፊቱ ቆመዋል።

«ተው» ይላሉ። «አሁን ከቆረጠው ይሞታል።»

«ይሙት፣ ሼኽ።»

«ምን አጠፋ?»

«ስሜን በላው።»

ሼኹ ጥቂት አሰቡ። «ስምህን ከበላ ታዲያ ሆዱ ውስጥ ነው። ብትቆርጠው ስምህም ይሞታል። ኸላስ፣ ተወው። ሚስቴም ቡቃያውን ገና አልወሰደውም።»

አሥራ አንድ ገጀራውን ዝቅ አደረገ። ከአፍንጫው እንደ ሳቅ ያለ ትንፋሽ ወጣ። ከዚያ ቀን በኋላ ግን ኳስ አልነካም። እሑድ ልጆቹ ሲጠሩት «አግብቻለሁ፤ ምን ቀረኝ?» ይላቸውና እርሻው ውስጥ ይቀራል። ማሊያውን ያወለቀው ያን ሰሞን ነው። በካድሬው በኩል ደግሞ ተቃራኒው ሆነ። ዜናው ከላይ ምስጋና አስገኝቶለት ስለ ነበር፣ ለሚመጣ እንግዳ ሁሉ ቋሚውን ያስጎበኝ ጀመር። የተከለውንም ሰው «ጓድ አሥራ አንድ» እያለ በፈገግታ ይጠራው ነበር።

ማሽላው ታጭዶ ሳለ፣ በኅዳር ይመስለኛል፣ እህል ጫኝ መኪና መጣ። ሾፌሩ ከሞተሩ የሚበልጥ ድምፅ ያለው፣ ከመንገድ ብዛት አቧራ የለበሰ ሰው ነበር። ከመኪናው ሳይወርድ በመስኮቱ አንገቱን አውጥቶ ጮኸ።

«እዚህ አገር የኳስ ቋሚ ተክሎ ያበቀለ ጅል ማነው?»

አሥራ አንድ ከእኔ ጋር ቆሞ ከረጢቱ ሲወርድ ያይ ነበር። «እኔ ነኝ» አለ። «ምን ፈለግህ?»

«እኔ ምንም አልፈለግሁህም። ወንድሜ፣ መልእክት ነው። ከአንድ ሾፌር ተቀበልሁ፤ እሱም ከሌላ ሾፌር ነው የተቀበለው። ጎጃም ውስጥ ፓዊ ከሰፈሩት አንዲት ሴት ናት አሉ፤ በመንደራቸው ድምፅ ማጉያ ሬዲዮ ስትሰማ አሶሳ ቋሚ በቀለ ሲባል ሰማች። ከዚያ ጀምሮ መኪና በመጣ ቁጥር ሾፌር እየያዘች፣ አሶሳ ከሄዳችሁ ያን የተከለውን ሰውዬ ፈልጉልኝ ትላለች አሉ። እንዲህ በሉት አለች…» ሾፌሩ ግንባሩን አሻሸ። ብዙ መንገድ የተጓዘ ቃል ነውና እንዳይሰብረው የፈራ ይመስል ነበር። «የተከልከው ሁሉ ይበቅላል በሉት አለች። የቀረውን እሱ ያውቀዋል አለች። የቀረውን ታውቀዋለህ?»

አሥራ አንድ የከረጢቱ ክምር ላይ ቀስ ብሎ ተቀመጠ፤ ቀርከሃው ሲተከል እንደ ሳቀበት ቀን ሁሉ ጉልበቱን በሁለት እጁ ይዞ።

ታሪኩ ከመጠን በላይ ያምራል፤ ስለዚህ እጠራጠረዋለሁ። ታሪክ የተማረ ሰው ያማረ ነገር ሲያይ ማን አሳመረው ብሎ መጠየቅ ልማዱ ነው። ሾፌሩ ቃሉን እንዲያ አሟልቶ ተናግሮት ነበር? ወይስ አንድ የተሰባበረ ነገር ተናግሮ እኔ በዘመናት ብዛት ጠገንሁት? ኮርቹንና ቀልዷን አሥራ አንድ የነገረኝ በእርግጥ ከዚያ በፊት ነው? ከጥቂት ዓመታት በፊት ለሌላ ጉዳይ አሶሳ ሄጄ ሜዳውን ፈለግሁት። ከታች በኩል በበቆሎ እርሻ ውስጥ ሁለት የቀርከሃ ቁጥቋጦዎች ጎን ለጎን ቆመው አየሁ፤ በመካከላቸው በረኛ ሊቆም የሚችልበት ክፍት ቦታ አለ። እርሻው ላይ የነበረውን ጎልማሳ ጠየቅሁት። «ቀርከሃ ነው፤ ከድሮ ጀምሮ አለ» አለኝ። እሱም እውነቱን ነው።

አንድ ነገር ግን አልጠራጠርም፤ ከዚያ ሁሉ የቀረው ድምፅ ነውና። ሾፌሩ እህሉን አራግፎ ሞተሩን ካስነሣ በኋላ አሥራ አንድ ተነሥቶ ወደ መስኮቱ ሄደ።

«ወንድሜ፣ ስትመለስ ለዚያ ሾፌር መልእክት አድርስልኝ።»

«ምን ልበል?»

«ገብቷል በላት።»

«ምኑ?»

«እሷ ታውቀዋለች። ገብቷል ብቻ በላት።»

ሾፌሩ ማርሽ አስገባ። መኪናው ጥቂት እንደሄደ አሥራ አንድ እጁን አንሥቶ እየጮኸ፣ ያን ጉልበቱን እየጎተተ ተከተለው። መኪናው ቆመ።

«ተወው፣ ተወው! ምንም እንዳትላት!» አለ፤ ትንፋሹ ቁርጥ ቁርጥ ይላል። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። «መምህር፣ ና፤ ካድሬው ጋ እንሂድ። ቋሚውን ወዶታል፤ የይለፍ ወረቀት አይከለክለኝም። እኔው ነኝ የምነግራት።»